የበሬ ጎድን በጭስ፦ በጓሯችሁ ግሪል ላይ እንዴት ይበስላል?

በጋ ሲገባ የሚመጣው ጥያቄ ሁሌም አንድ ዓይነት ነው። «ቴክሳስ የበላነውን የበሬ ጎድን ቤት ልንሠራው ሞከርን፤ ላዩ አረረ፣ ውስጡ ግን አልታኘክ አለ። ምን አጥፍተን ነው?» ጥፋቱ ጎድኑን እንደ ጥብስ መሥራታችሁ ነው። ጥብስ ለስላሳ ሥጋ ይፈልጋል፤ እሳቱ ኃይለኛ፣ ጊዜውም አጭር ነው። ጎድን ላይ ያለው ሥጋ ግን ጅማት የበዛበት ነው። ይህ ጅማት ሟሙቶ ሥጋውን የሚያለሰልሰው የሥጋው ውስጥ ከ70 ዲግሪ ሴልሺየስ በላይ ሆኖ ለሰዓታት ሲቆይ ብቻ ነው። ስለዚህ ዋናው ሥራ ዝቅ ያለና የማይዋዥቅ ሙቀት ከ6 እስከ 8 ሰዓት ጠብቆ ማቆየት ነው። ጭሱ ለጣዕም ነው፤ የሚያበስለው ሙቀቱ ነው።

አሜሪካኖች በጭስ በብዛት የሚያበስሉት የአሳማ ጎድን ነው። አብዛኞቻችን አሳማ ስለማንበላ፣ እዚህ የምናየው በማዕከላዊ ቴክሳስ በጨውና በቁንዶ በርበሬ ብቻ የሚሠራውን የበሬ ጎድን ነው። ለአሳማ የተጻፈ መመሪያ ይዛችሁ በበሬ ላይ አትሞክሩ። ሰዓቱም፣ የስኳሩ መጠንም፣ አሸፋፈኑም ሌላ ነው።

ከሁሉ በፊት ስለ ቦታው። ከሰል ሲነድ ካርቦን ሞኖክሳይድ ያወጣል። ሽታ የለውም፣ ይገድላል። ይህን ሥራ ጓሮ ውስጥ፣ ከግድግዳና ከመስኮት ራቅ ብላችሁ ሥሩት። ጋራዥ ውስጥ በሩ ወለል ብሎ ቢከፈትም አይሆንም። አፓርታማ ከሆናችሁ ደግሞ በብዙ የአሜሪካ ከተሞች በረንዳ ላይ ከሰል ማቀጣጠል የተከለከለ ስለሆነ የኪራይ ውላችሁን አንብቡ።

ዕቃው ብዙ አይደለም። ክዳን ያለው ክብ የከሰል ግሪል (57 ሴንቲ ሜትር ስፋት ያለው ይበቃል)፣ የከሰል ማቀጣጠያ ቆርቆሮ፣ አንዴ ተጠቅመው የሚጥሉት የአሉሚኒየም ትሪ፣ መቆንጠጫ፣ ወፍራም ጓንት፣ ፎይል ወይም ሰም ያልተቀባ የሥጋ ቤት ወረቀት። ሁለት ቴርሞሜትርም ያስፈልጋል፤ አንዱ ሥጋው ውስጥ የሚሰካ፣ ሌላው ሥጋው አጠገብ የግሪሉን ሙቀት የሚለካ። ክዳኑ ላይ ተገጥሞ የመጣውን አትመኑት። እሱ የሚለካው ጣሪያውን ነው፤ ሥጋው ያለበት ቦታ ሙቀት ከዚያ ይለያል። ገንዘብ ለማውጣት ከተዘጋጃችሁ ከግሪሉ ይልቅ በቴርሞሜትሩ ላይ አውጡት።

1. ሥጋውን መግዛት

ሥጋ ቤት ገብታችሁ «የበሬ ጎድን» ብቻ ካላችሁ ከአራት ነገር አንዱን ልትይዙ ትችላላችሁ። የምትፈልጉት «ፕሌት ሾርት ሪብስ» የሚባለውን ነው፤ ከ6ኛው እስከ 8ኛው ጎድን ያለው፣ ሦስት ረጃጅም አጥንት ያለው፣ ከአጥንቱ በላይ አራት አምስት ሴንቲ ሜትር ሥጋ የተኛበት። እሱ ከጠፋ «ቸክ ሾርት ሪብስ» ይተካዋል። ከትከሻ በኩል የሚወጣ ነው፤ አጥንቱ አጠር ይላል፣ አበሳሰሉ ግን ያው ነው። «ባክ ሪብስ» የሚባለው ርካሽ ነው፤ ሥጋው ከሪብአይ ጋር ስለሄደ የሚቀረው በአጥንቶቹ መካከል ያለው ብቻ ነው። ለመለማመጃ አይከፋም፣ ቶሎም ይደርሳል፣ ግን ለእንግዳ አይሆንም። አራተኛው በኮሪያ አቆራረጥ አጥንቱን አቋርጦ በስሱ የተሰነጠቀው ነው። እሱ የደቂቃዎች እሳት ነው የሚፈልገው፤ ለዚህ ሥራ አትግዙት።

ከአበሻ ሥጋ ቤት የምትገዙ ከሆነ መጋዙ ከመነሳቱ በፊት ተናገሩ። «ጎድን» ሲባል እጁ በልማድ ለቅቅል ወደ መቆራረጥ ነው የሚሄደው። «ሳትቆርጠው፣ ሙሉውን» በሉት። ከሥጋው መሀል የተበተነ ነጭ ጮማ ያለበትን ምረጡ፤ ላዩ ላይ የተከመረው ሥብ ግን ስለሚጣል ዋጋ አትክፈሉበት።

ሦስት አጥንት ያለው አንድ ገበታ በአማካይ 2 ኪሎ ተኩል ገደማ ይመዝናል። አጥንቱ፣ የሚቀልጠው ጮማና የሚተነው ውሃ ሲቀነስ ግማሽ ያህሉ ብቻ ነው ሰሃን ላይ የሚደርሰው። ለአራት ሰው አንድ ገበታ አስቡ።

አዲስ አበባ ላላችሁ አንድ ማሳሰቢያ አለ። ጠዋት የታረደ ሥጋ ለጥሬ ተመራጭ ቢሆንም ለዚህ ግን ገና አልተፈታም። ፍሪጅ ውስጥ ሁለት ሦስት ቀን አሳድሩት። በግጦሽ ብቻ ያደገ በሬ ጮማው ስለሚያንስ ይደርቃል፤ የደለበ ሰንጋ ጎድን ፈልጉ።

2. ማጽዳትና ጨው ማድረግ (በዋዜማው)

ሥጋውን ከፍሪጅ እንዳወጣችሁ፣ ሳይሞቅ አጽዱት። ቀዝቃዛ ጮማ ለቢላ ይመቻል፤ የሞቀ ግን ይንሸራተታል። በላይኛው በኩል ያለውን ወፍራም ሥብና ከሥሩ ያለውን ብርማ ስስ ሽፋን በቀጭን ቢላ ግፈፉ። ይህ ሽፋን ሙሉ ቀን ቢበስል አይለሰልስም፤ ጨውም ጭስም አያሳልፍም። በአጥንቱ በኩል ያለውን ሽፋን ግን ተዉት፤ ሥጋው ከአጥንቱ ተላቆ እንዳይወድቅ የሚይዘው እሱ ነው። ባክ ሪብስ ከሆነ ብቻ ጫፉን በቢላ አንስታችሁ፣ በደረቅ ወረቀት ፎጣ ይዛችሁ ላጡት።

ጨዉን በሚዛን ለኩ፤ ከሥጋው ክብደት አንድ በመቶ። ለ2 ኪሎ ተኩል 25 ግራም ማለት ነው። በማንኪያ አትለኩ፤ አንድ ማንኪያ ደቃቅ ጨውና አንድ ማንኪያ ድፍን ጨው ክብደታቸው አይገናኝም። ሚዛን በተለይ ለፋሲካ ለምታዘጋጁ ይጠቅማል። ቅዳሜ ሹር ላይ ምድጃው አጠገብ የቆመው ሰው ጾመኛ ነው፤ ቀምሶ ማስተካከል አይችልም።

ጨዉን በሁሉም በኩል ነስንሳችሁ ሳትሸፍኑ ፍሪጅ ውስጥ ይደር። ጠዋት ደቅቆ ያልተፈጨ ቁንዶ በርበሬ በደንብ አልብሱት። እንዲይዝ ከፈለጋችሁ ቀድማችሁ ስስ ሰናፍጭ ቀቡት፤ በመጨረሻ የሰናፍጭ ጣዕም አይቀርበትም።

በርበሬስ? ብዙ ሰው በርበሬና አዋዜ ቀብቶ ይጀምራል። እኔ አልመክርም። በርበሬያችን ውስጥ ያለው ቅመም አስቀድሞ የታመሰ ነው፤ ስምንት ሰዓት እሳት ላይ ሲውል ይጠቁርና ይመርራል። አዋዜ ደግሞ እርጥብ ስለሆነ ላዩ ቅርፊት እንዳይሠራ ይከለክላል። ሁለቱም ማዕዱ ላይ ይቅረቡ። ስኳር ያለበትን የአሜሪካ የቅመም ድብልቅም እንዲሁ ተዉት።

3. እሳቱን መሥራት

አብዛኛው ሰው የሚሳሳተው እዚህ ስለሆነ ረጋ ብላችሁ ሥሩት።

እኩል መጠን ያለውን የተጨመቀ ከሰል በግሪሉ ውስጠኛ ግድግዳ ዙሪያ ደርድሩ፤ ሁለት ጎን ለጎን፣ በላያቸው ሁለት፣ የክቡን ሁለት ሦስተኛ እስኪሸፍን። ዙሪያው እንዳይገጥም፤ ከገጠመ እሳቱ ከሁለቱም በኩል ይነሳል። አሜሪካኖች ይህን አደራደር «እባብ» ይሉታል። አንዱን ጫፍ ስትለኩሱት እሳቱ ቀስ እያለ ከአንዱ ወደ ሌላው እየተላለፈ ቀኑን ሙሉ ይሄዳል፤ እናንተ ከሰል መጨመር አይጠበቅባችሁም። በድርድሩ የመጀመሪያ አጋማሽ ላይ ቡጢ የሚያህል አራት ወይም አምስት ደረቅ እንጨት በየተወሰነ ርቀት አስቀምጡ። መሀል ላይ ትሪውን አኑሩና ሙቅ ውሃ ሙሉት። ውሃው ሙቀቱን ያረጋጋል፣ የሚንጠባጠበውንም ጮማ ይይዛል።

ከስምንት እስከ አሥር ከሰል ማቀጣጠያው ቆርቆሮ ውስጥ አንድዱ። ግራጫ አመድ ሲለብሱ በድርድሩ አንድ ጫፍ ላይ አድርጓቸው። ላምባ ወይም ሌላ ነዳጅ አታርከፍክፉ። ነዳጅ የተነከረ፣ «በክብሪት ብቻ ይነዳል» የሚባለውን ከሰልም አትግዙ። ከሰሉ ተራ በተራ ስለሚቀጣጠል የነዳጁን ሽታ ቀኑን ሙሉ ለሥጋው ይሰጠዋል።

ክዳኑን ግጠሙ፤ የላይኛው ቀዳዳ ከእሳቱ በተቃራኒ፣ ሥጋው በሚቀመጥበት በኩል ይሁን። እሱን ክፍት ተዉት። የምትቆጣጠሩት በታችኛው ነው። በግማሽ ክፈቱና ሙቀቱ 110 ዲግሪ ሲደርስ ወደ ሩብ ዝጉት። የምትፈልጉት ከ120 እስከ 135 ዲግሪ ነው፤ በፋራናይት ከ250 እስከ 275። ቀዳዳውን በነካችሁ ቁጥር ሩብ ሰዓት ጠብቁ። ዝቅ ያለ እሳት ማንሣት ቀላል ነው፤ የተነሣ እሳት ማውረድ ግን ሰዓት ይፈጃል። ስለዚህ እየጨመረ ሳለ ቀድማችሁ ያዙት።

እንጨቱ ኦክ፣ ሂኮሪ ወይም ፒካን ቢሆን ጥሩ ነው። ወይራም ይሆናል። ጋንና ቅል የምናጥንበት እንጨት ስለሆነ ጠረኑን አገራችሁ ታውቁታላችሁ፤ ግን ኃይለኛ ነውና ሁለት ቁራጭ ይበቃል። እስራኤል ያላችሁ የወይራም የብርቱካንም እንጨት አታጡም። ጥድ፣ ዝግባና ባሕር ዛፍ አታስጠጉ፤ ሙጫቸውና ዘይታቸው ሥጋውን ያበላሸዋል። ቀለም የተቀባ፣ ኬሚካል የጠጣ ወይም ኮምፔንሳቶ ደግሞ መርዝ ነው። እንጨቱን ውሃ ውስጥ መንከርም ትርፍ ሥራ ነው፤ ውሃው ወደ ውስጥ አይገባም፣ እስኪደርቅ ድረስ የሚወጣው እንፋሎት ነው።

መጀመሪያ የሚወጣው ወፍራም ነጭ ጭስ ነው። ሥጋውን አታስገቡ፤ ጠብቁ። ጭሱ ቀጥኖ ወደ ሰማያዊ ሲያደላና ሊጠፋ ሲቃረብ ያን ጊዜ ደረሰ ማለት ነው። ጭስ በበዛ ቁጥር ይጣፍጣል የሚል እምነት አለ፤ ስሕተት ነው። በነጭ ጭስ የታፈነ ሥጋ ይመራል፣ ምላስ ያደነዝዛል፤ በአዋዜም አይስተካከልም።

ያላችሁ የጋዝ ግሪል ከሆነ አንዱን ጎን ብቻ ለኩሱ፤ ስንጥር እንጨት በፎይል ጠቅልላችሁ፣ ፎይሉን በሹካ በስታችሁ እሳቱ ላይ አስቀምጡ፤ ሥጋው በሌላው ጎን ይሁን። የአገር ቤት ከሰል ትልቅና ትንሽ የተቀላቀለበት ስለሆነ በድርድር አይሄድም። ክዳን ያለው የበርሜል ግሪል ካገኛችሁ ፍሙን በአንድ ጫፍ፣ ሥጋውን በሌላው ጫፍ አድርጉና ጥቂት ጥቂት እየጨመራችሁ ያዙት።

4. የመጀመሪያዎቹ ሰዓታት

ሥጋውን አጥንቱን ወደ ታች አድርጋችሁ ከውሃው በላይ፣ ከእሳቱ ራቅ አድርጋችሁ አስቀምጡ። ቴርሞሜትሩን በሁለት አጥንት መካከል በወፍራሙ ቦታ ስኩት። አጥንት ከነካ የሚነግራችሁ የአጥንቱን ሙቀት ነው።

ለሦስት ሰዓት ክዳኑን አትክፈቱ። በከፈታችሁ ቁጥር የተጠራቀመው ሙቀት ይወጣል፤ ንጹሕ አየርም ስለሚገባ ከሰሉ ይጋጋማል። ከዚያ በኋላ በየሰዓቱ አንድ ጊዜ ተመልከቱ። የደረቀ ቦታ ካለ ውሃ በትንሽ ኮምጣጤ ቀላቅላችሁ ርጩበት፤ ከሌለ ዝጉት።

5. ሙቀቱ ሲቆም

ከ65 እስከ 75 ዲግሪ ባለው መካከል አንድ ቦታ ላይ ቴርሞሜትሩ ይቆማል። አንድ ሰዓት ይሄዳል፣ ሁለት ሰዓት ይሄዳል፣ ቁጥሩ አይነቃነቅም፤ አንዳንዴም አንድ ዲግሪ ይወርዳል። ስልክ የሚደወለው በዚህ ሰዓት ነው። «ተበላሸ!» ምንም አልተበላሸም። ሥጋው ያላበው ውሃ ላዩ ላይ እየተነነ ሥጋውን ያቀዘቅዘዋል፤ የእሳቱ ሙቀትና ይህ ቅዝቃዜ እኩል ለእኩል ሆነው ነው ቁጥሩ የቆመው። ደንግጣችሁ ቀዳዳውን ብትከፍቱት ላዩ ያርራል፣ ውስጡም ይደርቃል።

የምትሸፍኑት በዚህ ጊዜ ነው። ከመሸፈናችሁ በፊት ግን ቅርፊቱን በጥፍራችሁ ጫር አድርጉ። ጥቁር ቡናማ ሆኖ፣ ቁንዶ በርበሬው ሳይፋቅ ከጸና ተዘጋጅቷል፤ እርጥብ ሆኖ ከለቀቀ ግማሽ ሰዓት ጨምሩለት። ወረቀት ቅርፊቱን ሳያረጥብ ያበስላል፤ ፎይል ያፈጥናል፣ ቅርፊቱን ግን ያለሰልሳል። ምርጫዬ ወረቀት ነው። ሥጋው ጮማ ካነሰው በፎይል ሸፍኑትና አንድ ማንኪያ ንጥር ቅቤ አድርጉበት፤ ጥሩ ጮማ ያለው ፕሌት ግን ቅቤ አያስፈልገውም።

ከተሸፈነ በኋላ ጭስ አይገባውም። ስለዚህ ከደከማችሁ፣ ዝናብ ከመጣ ወይም ከሰሉ ካለቀ ወደ ቤት አስገቡና 135 ዲግሪ ኦቨን ውስጥ ጨርሱት። ይህን እንደ ማጭበርበር የሚቆጥሩ አሉ፤ በልቶ የሚለይ ግን አላየሁም።

6. መድረሱን ማወቅ

ሥጋው 93 ዲግሪ ሲሆን መፈተሽ ጀምሩ፤ ብዙውን ጊዜ 95 ወይም 96 ላይ ይደርሳል። የመጨረሻው ዳኛ ግን ቁጥሩ ሳይሆን እጃችሁ ነው። የቴርሞሜትሩን ሹል በተለያየ ቦታ ስኩት። ከፍሪጅ ወጥቶ የቆየ ቅቤ ውስጥ እንደሚገባ ያህል ያለ ምንም ትግል ከገባ በቃ። አንድም ቦታ ከያዛችሁ መልሱት፤ በየሃያ ደቂቃው እየፈተሻችሁ ጠብቁ። የአጥንቱ ጫፍ ሁለት ሦስት ሴንቲ ሜትር ያህል ተራቁቶ መታየቱም ጥሩ ምልክት ነው። ሲቆረጥ ከጠርዙ የሚታየው ሮዝ ቀለበት ግን የመብሰል ምልክት አይደለም፤ ጥሬ ነው ብላችሁም አትስጉ። የጭሱ ጋዝ ከሥጋው ቀለም ጋር የፈጠረው ነው፤ ጣዕምም የለውም።

ሰዓቱን ወደ ኋላ እየቆጠራችሁ አስሉ። በኛ አቆጣጠር እንግዳ ለምሽቱ 12 ሰዓት ከተጠራ፣ ከሰሉ ጠዋት 1 ሰዓት ይለኮስ፣ ሥጋው 2 ሰዓት ይግባ። እስከ ቀኑ 10 ሰዓት ባለው ይደርሳል፤ የሚተርፈው ሁለት ሰዓት ለማሳረፍ ነው።

7. ማሳረፍና መቁረጥ

ጥቅሉን አሥር ደቂቃ ከፈት አድርጋችሁ እንፋሎቱ ይውጣ፤ ከዚያ መልሳችሁ ጠቅልሉ። በፎጣ ከባችሁ በረዶ የሌለበት የሽርሽር ማቀዝቀዣ ሳጥን ውስጥ ቢያንስ አንድ ሰዓት አቆዩት። ወዲያው ከተቆረጠ ጭማቂው መክተፊያው ላይ ይቀራል። 12 ሰዓት የተጠራ እንግዳ በ2 ሰዓት ቢመጣም ሥጋው አይጎዳም፤ ሙቀቱ ከ60 ዲግሪ በታች እንዳይወርድ ብቻ ተከታተሉ። ለፋሲካ ሌሊት ከሆነ ደግሞ ኦቨኑ በሚወርድበት ዝቅተኛ ሙቀት፣ በብዙዎቹ የአሜሪካ ኦቨኖች 170 ፋራናይት፣ እንደተጠቀለለ አቆዩት፤ ከቤተ ክርስቲያን ስትመለሱ ትኩስ ታገኙታላችሁ።

በአጥንቶቹ መካከል ቁረጡ፤ የሚበላውን ያህል ብቻ፣ የተቆረጠ ፊት ቶሎ ስለሚደርቅ። አዋዜ፣ ሚጥሚጣና ሰናፍጭ ጎን ላይ ይቅረብ። ቴክሳሶች በነጭ ዳቦ፣ በጥሬ ሽንኩርትና በኮምጣጤ በተቀመጠ ኪያር ይበሉታል። እንጀራ ግን ከዳቦው ይሻላል፤ ቅልጡን ጮማ ይጠጣዋል፣ ኮምጠጥ ማለቱም ጮማውን ይቆርጠዋል።

የተረፈውን ከሁለት ሰዓት በላይ ውጭ አታቆዩት። ከ32 ዲግሪ በላይ በሚሞቅበት ቦታ፣ ለምሳሌ በዱባይ ወይም በሪያድ በጋ፣ ገደቡ አንድ ሰዓት ነው። ፍሪጅ ውስጥ ሦስት አራት ቀን ይቆያል። ሲሞቅ በፎይል ተጠቅልሎ፣ ትንሽ ውሃ ተደርጎበት በኦቨን ይሁን፤ ማይክሮዌቭ ያደርቀዋል። ካልሆነም ከአጥንቱ ለይታችሁ፣ አድቅቃችሁ ፍርፍር ሥሩት። ከቋንጣ ፍርፍር አያንስም።

ቀዳዳዎቹን ሁሉ ዘግታችሁ ከሰሉ እንዲጠፋ ተዉት። አመዱን ሁለት ቀን ሳይሞላው ፕላስቲክ የቆሻሻ መጣያ ውስጥ አትድፉ፤ ከአመድ ሥር ያደረ ፍም ቤት ያቃጥላል።